ጣቢያው ይፍረስ ለሚለው ጽሑፍ ከድሬዳዋ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ ድሬዳዋ አሮጌው ባቡር ጣቢያ የተጻፈ አንድ ጽሑፍ ከስልክ ወደ ስልክ ሲዘዋወር ሰንብቷል። ብዙ ሰው «እውነቱን ነው» እያለ አጋርቶታል። ካጋሩት መካከል ጣቢያው ባለበት በከዚራ ሰፈር ተወልደው ያደጉ ልጆችም አሉበት። እሱ ነው ይበልጥ ያሳሰበኝ። ዝም ማለት አልሆነልኝም።

መጀመሪያ ጽሑፉ ያለውን ሳላዛባ ላስቀምጥ። ጸሐፊው ሕንፃው በኪነ ሕንፃ ረገድ ይህ ነው የሚባል ነገር የለውም ይላል። ተራ የቢሮ ቤት ነው፤ ቅርስ ማየት የፈለገ ሐረር ወጥቶ በግንብ የታጠረውን አሮጌውን ከተማ ጁገልን ይይ ይላል። ቀጥሎ፣ ጣቢያው የፈረንሳዮች ሥራ ነው፤ የባዕድ ኩባንያ ለራሱ ጥቅም የሠራውን እኛ የምናለቅስለት ለምንድን ነው ብሎ ይጠይቃል። አዲሱ ባቡር ከመጣ ወዲህ ግቢው ሥራ ፈት ሆኗል፤ በከተማው እምብርት ያን የሚያህል ቦታ ታጥሮ መቀመጥ የለበትም የሚለው ዋናው ክርክሩ ነው። ማደስ አዲስ ከመሥራት የበለጠ ያስወጣል ሲልም ያክላል። በመጨረሻም መፍትሔ ያቀርባል። ትዝታው ካሳሰበን ፎቶ እናንሳ፣ አንድ ሎኮሞቲቭ አደባባይ ላይ እናቁም፣ ቀሪውን ለገበያ ማዕከልና ለፎቅ እንልቀቀው፤ ሥራ አጡ ወጣትም ሥራ ያገኛል ይላል።

ጸሐፊው ለከተማዋ በማሰብ እንደጻፈ አልጠራጠርም። ስለ ሥራ አጥ ወጣቶች ያነሳው የእኔም ጭንቀት ነው። ግቢው ተረስቷል ማለቱም ልክ ነው። ሣር የዋጠው ሀዲድና ዝገት የበላው ፉርጎ ማንንም አያኮራም። የምንለያየው ከዚህ በኋላ ነው።

ከሕንፃው ልጀምር። ጉልላት የለውም፤ የተፈለፈለ ድንጋይ የለውም። ግንባሩ ላይ በፈረንሳይኛና በአማርኛ ከተጻፈው ስም በቀር ሰው አንጋጦ የሚያየው ጌጥ እምብዛም ነው። ይህን እቀበላለሁ። ግን አቦ፣ ቤት በጌጡ ብቻ ነው እንዴ የሚለካው? ድሬዳዋ ከባሕር ጠለል በላይ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ያለች ቆላ ከተማ ናት። በግንቦትና በሰኔ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ አስፋልቱ እግር ያቃጥላል። የዚያ ዘመን ግንበኞች ቬንትሌተር አልነበራቸውም። የነበራቸው ወፍራም ግድግዳ፣ ከፍ ያለ ጣሪያ፣ ብርሃን እየቀነሰ ነፋስ የሚያሳልፍ የእንጨት መዝጊያና ሰፊ ጥላ ነው። ከዚራ ውስጥ በባቡሩ ዘመን የተሠሩት ቤቶች ሁሉ ይህንኑ ዘዴ ይከተላሉ። ዛሬ መስታወት አልብሰን የምናቆማቸው ፎቆች ቀኑን ሙሉ በኤሌክትሪክ ካልቀዘቀዙ አያስቀምጡም። መብራት የጠፋ ቀን ሁለቱ ቤቶች ውስጥ ተራ በተራ የተቀመጠ ሰው የትኛው እንደታሰበበት ይነግራችኋል።

ከዚህም የሚበልጥ ነገር አለ። ጸሐፊው ጣቢያውን እንደ አንድ ነጠላ ቤት አይቶታል። ጣቢያው ግን ነጠላ ቤት አይደለም። ከበሩ ፊት ያለው አደባባይ፣ ከአደባባዩ ተነስተው ቀጥ ብለው የሚሄዱት የከዚራ መንገዶች፣ መንገዶቹን የሚያለብሱት ዛፎች፣ የሠራተኞቹ መኖሪያ፣ ከኋላ ያለው ወርክሾፕ፣ ሁሉም በአንድ ሐሳብ የተሠሩ ናቸው። የደቻቱን ወንዝ ተሻግራችሁ መጋላ ሰፈር ግቡና ልዩነቱን እዩት። እዚያ መንገዱ በገበያው፣ በመስጊዱና በሰዉ እግር የተቀደደ ነው፤ ይጠማዘዛል፣ ይጠባል፣ ድንገት ይከፈታል። ከዚራ ደግሞ በገመድ የተለካ ነው። ድሬዳዋን ድሬዳዋ ያደረጋት የእነዚህ የሁለቱ ጎረቤትነት ነው። ጣቢያውን ካነሳችሁ የከዚራ መንገዶች ከየት ተነስተው ወዴት እንደሚሄዱ የሚያስረዳ ነገር አይቀርም።

ወርክሾፑን ጽሑፉ ጭራሽ አላነሳውም። ይህ ትልቅ ግድፈት ነው። ከጅቡቲ አዲስ አበባ 784 ኪሎ ሜትር በሚሆነው መስመር ላይ ዋናው የጥገና ሥራ የሚሠራው ድሬዳዋ ነበር። አንድ መለዋወጫ ከፈረንሳይ እስኪመጣ መርከብ መጠበቅ ነው። ስለዚህ የድሬዳዋ ሠራተኞች ብረት አቅልጠው ቅርጽ ያወጡ ነበር፤ በብረት መቅረጫ ማሽን፣ በቶርኖ፣ ይቆርጡ ነበር፤ የተሰበረውን ራሳቸው ይሠሩት ነበር። ትምህርት ቤት ገብቶ ኢንጂነሪንግ ያልተማረ ሰው የሎኮሞቲቭ አካል በሚሊ ሜትር ለክቶ ሲያወጣ የነበረበት ቤት ነው። በዚህ አገር የኢንዱስትሪ ሙያ ከየት ጀመረ ብሎ ለሚጠይቅ ልጅ ከዚህ የተሻለ መልስ የት ይገኛል?

«የፈረንሳዮች ነው» ወደሚለው እንምጣ። ይህ ነጥብ በቀላሉ ስሜት ይነካል። ስለዚህ ረጋ ብለን ታሪኩን እንየው።

የባቡሩ ፈቃድ የተሰጠው በ1886 ዓ.ም. ነው። ሰጪው አጼ ምኒልክ ናቸው። ተቀባዩ አማካሪያቸው የነበረው ስዊዘርላንዳዊው አልፍሬድ ኢልግ ነው፤ ፈረንሳዊው ሌዎን ሸፍኔ ደግሞ አጋሩ ነበር። ዓድዋ ገና ሁለት ዓመት ይቀረዋል። ባቡሩን የፈለገው ወራሪ አልነበረም። ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ወደ ባሕር የሚያወጣ መንገድ ፈልገው ነው። የመጀመሪያው ሐሳብ ከጅቡቲ ሐረር፣ ከሐረር እንጦጦ፣ ከዚያም ወደ ከፋና ወደ ነጭ ዓባይ ነበር። ሐረር ግን ከ1,800 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ናት። ያን ገደል ለመውጣት የሚጠይቀው ወጪ ኩባንያው የሚችለው አልሆነም። ሀዲዱ በተራራው ግርጌ አለፈ፤ በታኅሣሥ 1895 ዓ.ም. እዚህ ሜዳ ላይ ደረሰ። ከተማዋ መጀመሪያ «አዲስ ሐረር» ተብላ እንደነበርም የሚታወቅ ነው።

እዚህ ላይ ለክርክራችን ዋና የሆነው ነገር ይመጣል። ኩባንያው ገንዘብ ሲያጥረው የፈረንሳይ መንግሥት እጁን አስገባ። ምኒልክ ይህን ሲሰሙ ተቆጡ። መንገድ ፈቀድኩ እንጂ አገሬን ለባዕድ መንግሥት አላስያዝኩም ነው የቁጣቸው ፍሬ ነገር። በፖለቲካውም በገንዘቡም ችግር ምክንያት ሀዲዱ ድሬዳዋ ላይ ለዓመታት ቆመ። የመጀመሪያው ኩባንያ ከሰረ፤ ሥራው በአዲስ ኩባንያ ቀጥሎ አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም. ነው። በእነዚያ የመቆም ዓመታት ከጅቡቲ የመጣ ዕቃ ሁሉ እዚህ ይራገፋል፤ ወደ መሐል አገር የሚሄደው በግመልና በበቅሎ ይጫናል፤ ከደጋ የመጣው ቡናና ቆዳ እዚህ ፉርጎ ይገባል። ዓረቡ፣ ግሪኩ፣ አርመኑ፣ ሕንዱ፣ ሐረሪው፣ ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው፣ ጉራጌው እዚህ ተገናኘ። ድሬዳዋ ከተማ የሆነችው አንድ ኢትዮጵያዊ ንጉሥ ባዕድ መንግሥት በባቡሩ ላይ እንዳይሠለጥን እምቢ ባለባቸው ዓመታት ውስጥ ነው። ጣቢያው የዚያ እምቢታም ምስክር ነው። ያን ምስክር «የባዕድ ነው» ብሎ ማፍረስ ታሪኩን ገልብጦ ማንበብ ይሆናል።

ባለቤትነቱም ቢሆን እዚያው አልቀረም። በ1952 ዓ.ም. በተደረገው ስምምነት ኢትዮጵያ የኩባንያው የግማሽ ድርሻ ባለቤት ሆነች። ጅቡቲ ነፃ ከወጣች በኋላ ደግሞ የፈረንሳይ ድርሻ ወደ ጅቡቲ ዞሮ ድርጅቱ የሁለቱ ጎረቤት አገሮች ሆነ። ግንባሩ ላይ ያለው ስም የሚናገረው ይህንኑ የኢትዮጵያንና የጅቡቲን ባቡር ነው።

አንድ ነገር ግን ለጸሐፊው እሰጠዋለሁ። ኩባንያው ለሠራተኛው ደግ አልነበረም። ፈረንጁና አበሻው አንድ ዓይነት ሥራ ሠርተው አንድ ዓይነት ደመወዝ አያገኙም ነበር። ዘመናዊ ቤቱና ጥላው ለማን ቅድሚያ እንደተሠራ ከዚራን ያየ ያውቃል። ይህ መነገር አለበት። ሆኖም በአገራችን ቀድመው ተደራጅተው መብታቸውን ከጠየቁ ሠራተኞች መካከል የባቡር ሠራተኞች የሚገኙትም በዚሁ ምክንያት ነው። በደሉንም ትግሉንም የምናስተምረው በደሉ የተፈጸመበትን ቤት አፍርሰን አይደለም።

ጸሐፊው ራሱ ወደ ሐረር ልኮናልና እዚያም እንሂድ። ጁገል በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። በውስጡ ቱሪስት ሁሉ የሚጠይቀው «ራምቦ ቤት» አለ። የሠራው ሕንዳዊ ነጋዴ ነው። የሚጠራው በፈረንሳዊ ባለቅኔ ስም ነው፤ ባለቅኔው ግን እዚያ ቤት አልኖረም፣ ቤቱ የተሠራው እሱ ከሞተ በኋላ ነው የሚሉ ብዙ ናቸው። ከእሱ ብዙም ሳይርቅ የራስ ተፈሪ ቤት አለ፤ የእሱም አሠራር የሕንድ እጅ ያለበት ነው። ዛሬ የሸሪፍ ሙዚየም ሆኖ የሐረርን የእጅ ጽሑፍ፣ ጌጣ ጌጥና መሣሪያ ይዟል። ሐረሪዎች እነዚህን ቤቶች የባዕድ ናቸው ብለው አላፈረሷቸውም። ገብተው የራሳቸውን ታሪክ አስቀመጡባቸው። ሐረር ምሳሌ ይሁነን ከተባለ ምሳሌው ይህ ነው።

ስለ ሥራ ፈትነቱ የተነገረው ከሁሉም ጠንካራው ክርክር ነው፤ ስለዚህ በደንብ ልመልሰው። አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር በ2009 ዓ.ም. ተመርቋል፤ መደበኛ ሥራ የጀመረው በ2010 ነው። ከአሮጌው ይፈጥናል፤ ብዙ ይጭናል፤ የሀዲዱ ስፋት 1.435 ሜትር ነው። አሮጌው አንድ ሜትር ብቻ ነበር። በጭነት ሥራ አሮጌው መስመር ከአዲሱ ጋር ይፎካከር የሚል ሰው ካለ እኔ አይደለሁም። የአዲስ አበባው መስመር ከተቋረጠ በኋላ አሮጌው ባቡር ከድሬዳዋ በጅቡቲ ድንበር ወዳለችው ደወሌ አልፎ አልፎ ይመላለስ ነበር፤ ለሽንሌ፣ ለአዲጋላና ለአይሻ ሰው ትልቅ ነገር ነበር። ግን ያ ዘመን ተመልሶ ይምጣ አልልም።

የማልቀበለው «ባቡር ካልሄደበት ጣቢያ አያስፈልግም» የሚለውን ነው። ፓሪስ ውስጥ በፈረንጆች 1900 የተሠራው የኦርሴ ጣቢያ ባቡሮቹ ረዝመው መድረኩ ሲያጥርባቸው የረጅም ጉዞ አገልግሎቱን አቆመ። ሊፈርስም ታስቦ ነበር። ሳይፈርስ ቀርቶ በ1986 ሙዚየም ሆነ፤ ዛሬ ከዓለም ዙሪያ ሰው ይጎርፍበታል። ሩቅ ነው ካላችሁ መዲና ያለው የሂጃዝ ባቡር ጣቢያም ሙዚየም ሆኗል፤ ከድሬዳዋ ሐጅ የሄዱ አባቶችና እናቶች ያውቁታል። የራሳችን ለገሃርም አለ። በዙሪያው 36 ሄክታር የሚሸፍን ግዙፍ ግንባታ ሲታቀድ አሮጌው ጣቢያ እንዲቆይ ነው የተባለው። አዲስ አበባ ውስጥ ፎቅና አሮጌ ጣቢያ ጎን ለጎን ይቆማሉ ከተባለ ድሬዳዋ ላይ ሲሆን የማይቻልበት ምክንያት አልታየኝም።

ቦታው ውድ ነው የሚለውም መታየት አለበት። የድሬዳዋ አዲስ ሥራ ወዴት እየሄደ ነው? ኢንዱስትሪ ፓርኩ ከመሐል ከተማው ውጭ ነው። አዲሱ ባቡር ጣቢያ ከከተማው ውጭ ነው። በ2014 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው ነፃ የንግድ ቀጠናም እንዲሁ። መጋዘኑም ፋብሪካውም ወደ ሰፊው ሜዳ እየወጣ ከዚራ መሐል ሌላ የገበያ ማዕከል የግድ የሚሆነው ለምንድን ነው? ገበያማ ቀፊራ አለ፣ አሸዋ አለ፣ ታይዋን አለ። ከዚራ ላይ የጎደለው ሱቅ አይደለም። ልጅ ይዘው የሚገቡበት፣ እንግዳ የሚወስዱበት፣ ጥላ ሥር ተቀምጠው ቡና የሚጠጡበት ሰፊ ግቢ ነው የጎደለው። እሱን የሚያህል ቦታ ታጥሮ መቀመጡ ያናድዳል ከተባለ እስማማለሁ፤ አጥሩ ይከፈት ነው የምለው።

ወጣቱ ሥራ ያገኛል ስለተባለው፣ ፎቅ ሲሠራ የቀን ሥራ ይኖራል፤ ሲያልቅ ያልቃል። የተከፈተ ጣቢያና ወርክሾፕ ግን አስጎብኚ ይፈልጋል፣ ጠጋኝ ይፈልጋል፣ ምግብ አቅራቢ ይፈልጋል። ሐረር ለሚሄድ ቱሪስት ድሬዳዋ ዛሬ ከአውሮፕላን ወርዶ መኪና የሚይዝባት ከተማ ናት። ሻንጣውን ሳይፈታ ያልፋል። አንድ ቀን እንዲያድር የሚያደርገው ነገር ካለ ይህ ግቢ ነው። ሌላ ከተማ የማያገኘውን ትተን ሌላው ሁሉ ያለውን ለመሥራት መሮጥ ንግዱም አያዋጣም።

ማደስ ይበልጥ ያስወጣል የሚለውን በአጭሩ ላልፈው፤ ጸሐፊው ቁጥር ስላላቀረበ የምከራከረው ቁጥር የለም። ማንም መሐንዲስ ሳያጠናው «ይበልጣል» ማለት ግምት ነው። የአሮጌ ሕንፃ ጠላት መጀመሪያ ጣሪያው ነው፤ ቀጥሎ የውኃ ማፍሰሻው። እነዚህ ሁለቱ በጊዜ ከተያዙ ወፍራም ግድግዳ ረጅም ዕድሜ አለው። ወጪ የሚበዛው ጥገናውን ስናዘገየው ነው። ስናበላሸውም ይበዛል፦ በኖራ የተሠራን ግድግዳ በሲሚንቶ ለስነን በፕላስቲክ ቀለም ስንሸፍነው እርጥበቱ ውስጥ ይታፈናል፤ ልስኑ በሁለት ክረምት ይረግፋል። ከዚያ «አርጅቷል» እንላለን።

የገንዘብ እጥረት ለሚያነሱ ደግሞ የጎረቤታችን የኤርትራ ነገር አለ። ከምጽዋ አስመራ 118 ኪሎ ሜትር የሚሆነው የባቡር መስመር በጦርነቱ ፈራርሶ ነበር፤ ሀዲዱ ተነቅሎ ምሽግ ተሠርቶበት ነበር። በፈረንጆች 1990ዎቹ ጡረታ የወጡ የባቡር ሠራተኞችን ጠርተው፣ ሀዲዱን ለቅመው፣ የድሮዎቹን የእንፋሎት ሎኮሞቲቮች አስነሱ። ሀብታም አገር አልነበሩም። አዋቂዎቻቸው ከመሞታቸው በፊት ደረሱባቸው።

ፎቶ እናንሳ፣ ሎኮሞቲቭ አደባባይ ላይ እናቁም የሚለው የመጨረሻው ሐሳብ ቅን ይመስላል። ሎኮሞቲቭ ብቻውን አደባባይ ላይ ሲቆም ግን ከብረት በቀር ምን ይናገራል? ልጁ ተጠግቶ ማየት የሚፈልገው ምን ላይ እንደሚሄድ፣ ከየት ተነስቶ የት እንደሚቆም፣ ማን እንደሚጠግነው ነው። ከሀዲዱ ሥር የተጋደሙት እንጨት ሳይሆኑ ብረት ለምን እንደሆኑ ይጠይቃል፤ ምስጥና ሐሩር እንጨት እንደማያስቀምጥ እዚያው ቆሞ ይማራል። ትኬት የተቆረጠበትን መስኮት፣ ሻንጣ የተመዘነበትን ቦታ፣ ሰው የተላቀሰበትን መድረክ ያያል። አጼ ኃይለ ሥላሴ ሚያዝያ 24 ቀን 1928 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ተነስተው ወደ ስደት ሲሄዱ ያለፉት በዚህ ሀዲድ ላይ ነው። ጥቂት ቀናት ቆይቶ ከደቡብ የመጣው የግራዚያኒ ጦርና ከአዲስ አበባ የተላከው የጣሊያን ጦር የተገናኙት እዚሁ ድሬዳዋ ነው። ይህን ሁሉ አደባባይ ላይ የቆመ ብረት አይሸከመውም።

ምን ይደረግ ለሚለኝ፣ ሕጉ አለ። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 የማይንቀሳቀስ ቅርስ ያለ ፈቃድ እንዳይፈርስ ይከለክላል። ጣቢያው፣ ወርክሾፑና የከዚራ የባቡር ቤቶች በአንድነት፣ እንደ አንድ ግቢ፣ በዝርዝር ይመዝገቡ። ጣሪያው ከመጪው ክረምት በፊት ይታይ። አንዱ የወርክሾፕ አዳራሽ ለቴክኒክና ሙያ ተማሪዎች ይከፈት። ማሽኖቹ በተቀመጡበት ይጸዱ፤ ለቁርጥራጭ ብረት ነጋዴ አንድም ነገር አይውጣ። ከሁሉ በፊት ግን ጡረታ የወጡት ሠራተኞች ይጠሩ። ብዙዎቹ ዛሬም እዚሁ ከተማ ውስጥ አሉ። የትኛው ቶርኖ ለምን እንደሚያገለግል፣ የትኛው ቅርጽ ማውጫ የየትኛው ሎኮሞቲቭ እንደሆነ ያውቃሉ። ድምፃቸው ይቀረጽ፤ ጎናቸው ወጣት ልጅ ይቁም። ለዚህ ትልቅ በጀት አይጠበቅም። ጸሐፊውም ፈቃደኛ ከሆነ አብረን ሄደን እንጀምረው፤ ከእነሱ አንዱን ጠይቆ ከተመለሰ በኋላ የሚጽፈውን ጽሑፍ እኔ ራሴ ነኝ የማጋራው።